የታሸገው ቅል

ካርታ ሠሪዎች ሊስሉት በማይችሉት ስፍራ፣ ሽማግሌዎችም ዘመኑን በውል በማያስታውሱት ጊዜ፣ ሁለት ፎቅ የሆነ አንድ መንግሥት ነበረ። ላይኛው ዓለም ደረቅና ነፋሻ ነው። ታችኛው ዓለም ውሃና እህል አለው። በሁለቱ መካከል ያለው ነገር መሬት አይደለም፣ ባሕርም አይደለም፣ አየርም አይደለም። የአገሩ ሰዎች ስንጥቁ ይሉታል። ስንጥቁን በእግሩ የተሻገረ ሰው የለም። የሚያሻግሩት ሰንጣቂ የሚባሉ መርከቦች ብቻ ነበሩ፤ እነርሱም አሥራ ሁለት ናቸው።

ሰንጣቂ ሸራ የለውም፣ መቅዘፊያ የለውም፣ መርከበኛም የለውም። የተሠራበት እንጨት ሥሩን በአንዱ ዓለም፣ ቅጠሉን በሌላው ዓለም ካበቀለ ዛፍ የተፈለጠ ስለሆነ ሁለቱንም አገር ያውቃል። ዓይን ግን አልተሰጠውም። የተሰጠው ጆሮ ብቻ ነው። ስንት ሰው እንደ ጫነ ካልተነገረው ከወደቡ አንድ ጋት አይነቃነቅም፤ ነጋሪ የማያሻው ሰዉን አራግፎ ባዶውን ሲመለስ ብቻ ነው። ሲነገረው የተነገረውን ያህል ሰው አቅፎ፣ የራሱን ስንጥቅ ሰንጥቆ፣ በሌላው ዓለም ብቅ ይላል።

በዚያ አገር ሰውን በጣት እየጠቆሙ መቁጠር ነውር ነበር። ስለዚህ ከጥንት ጀምሮ ተሳፋሪው ሁሉ ከወደቡ ዳር አንድ ጠጠር አንሥቶ፣ በመርከቡ መካከል ባለው ምሰሶ ላይ በተንጠለጠለው ቅል ውስጥ በገዛ እጁ ይጥላል። ለሕፃን እናቱ ትጥልለታለች። ከዚያ ቆጣሪ የሚባለው ሰው ቅሉን ሦስት ጊዜ ይነቀንቀዋል፤ መርከቡም የጠጠሮቹን ድምፅ ሰምቶ ይነሣል። ቆጣሪው እንደ መርከቡ ዕቃ ስለሚታይ ለራሱ ጠጠር አይጥልም።

የአምስተኛው ሰንጣቂ ቆጣሪ ጉልላት ይባል ነበር። ስልሳ ሁለት ዓመቱ ነው። የተሸካሚ ልጅ ነው፤ ራሱም አሥራ አራት ዓመት ጆንያ ተሸክሟል። ከመጋዘኑ በር እስከ መርከቡ ወለል ሃያ ስድስት እርምጃ መሆኑን፣ የመወጣጫው ሳንቃ ዘጠኝ ርብራብ እንዳለው፣ ሦስተኛው ርብራብ ሲረገጥ ሲጢጥ እንደሚል ያወቀው በትከሻው ነው። ማንም አላስተማረውም። ጆንያ ሲቆጥር መቁጠር ለመደ፤ ከለመደ በኋላ መተው አቃተው። የቤቱን ጣሪያ ወጋግራ፣ የጎረቤቱን ዶሮዎች፣ ቄሱ በአንድ ስብከት ውስጥ «እንግዲህ» የሚሉትን ብዛት ሁሉ ይቆጥራል።

ሚስቱ ስንዱ በዚህ ነገሩ ትቀልድበታለች።

«ዛሬ ስንት ጊዜ አሳለኝ?»

«አራት ጊዜ።»

«ውሸታም! አምስት ነው።»

«አንዱ ሳቅ ነው። ሳል አስመስለሽ ነው የሳቅሽው።»

«ጉድ ነው። የዚህ ሰውዬ ሚስት መሆን ዳኛ ፊት እንደ መኖር ነው» ብላ ትስቃለች፤ እሱም ያችኛዋን ሳቅ ይቆጥራታል።

በአንድ የግብር ቀን ንጉሡ ከጠጃቸው ቀና ብለው፣ «መርከቦቼ እያንዳንዳቸው አርባ ሰው ያሻግራሉ» አሉ። እስከዚያ ቀን ድረስ አንዱ መርከብ ሠላሳ፣ ሌላው ሰባ ይጭን ነበር። ንጉሡ ምናልባት ወደ አርባ ግድም ማለታቸው ይሆናል። ነገር ግን ቃሉ በዐዋጅ ነጋሪ አፍ ከወጣ በኋላ ግድም የሚባል ነገር አልቀረም። ቃሉን የሚጠብቅ መሥሪያ ቤት ተቋቋመ። አለቃውም አዛዥ ሽብሩ፣ የቅል ሹም ተባሉ።

አዛዥ ሽብሩ መጀመሪያ ሰዉን አርባ ለማድረግ ሞከሩ። ሰው ሲበዛ አርባ አንደኛውን በጉልበት ያስወርዳሉ፤ ሲጎድል ከገበያ ሽንኩርት የሚሸምት ሰው ጎትተው ያሳፍራሉ። አንዲት ሴትዮ በርበሬ ልትገዛ ወጥታ ታችኛው ዓለም ገብታ ቀረች። መኳንንቱ ደግሞ አጃቢዎቻቸውን ሳይዙ አይሳፈሩም። አራት ወር ሙሉ ጩኸትና ግፊያ ሆነ። በአምስተኛው ወር አዛዥ ሽብሩ ጸሐፊዎቻቸውን ሰብስበው፣ «የሰውን ብዛት ማስተካከል አድካሚ ነው። ቅሉን ማስተካከል ግን የአንድ ቀን ሥራ ነው» አሉ።

ከዚያ በኋላ ቅሎቹ ከቤተ መንግሥት ተሞልተው መምጣት ጀመሩ። በእያንዳንዱ ውስጥ ታጥበው የደረቁ አርባ እኩል ጠጠሮች አሉ። አፋቸው በሰም ተደፍኖ በማኅተም ታትሟል። ሰሙን የሰበረ እጁ ይሰበራል። ተሳፋሪው ጠጠር ማንሣቱ ቀረ፤ የፈለገው ያህል ሰው ይሳፈራል፣ ቅሉ ግን አርባ ይላል። ሁሉም ሰው ደስ አለው። ሰልፉ ፈጠነ፤ ግፊያውም ቀረ።

በታሸገው ቅል የመጀመሪያ ጉዞ አምስተኛው ሰንጣቂ ስልሳ ሦስት ሰው ጫነ። ጉልላት ቅሉን ሦስት ጊዜ ነቀነቀ። መርከቡ ስንጥቁን ሰንጥቆ ታችኛው ዓለም ሲደርስ አርባ ሰው ወረደ። የቀሩት ሃያ ሦስቱ ተቀምጠውበት በነበረው ወለል ላይ ስልቻ አልነበረም፣ ጫማ አልነበረም፣ አቧራ እንኳ አልነበረም።

ጉልላት ተመልሶ የቅል ሹሙ ዘንድ ቀረበ።

«ጌታዬ፣ ሃያ ሦስት ሰው ጎደለ።»

«ከስንት?»

«ከስልሳ ሦስት።»

«ስልሳ ሦስት ያለው ማን ነው?»

«እኔ ቆጠርኩ።»

«በጣትህ?» አሉ አዛዥ ሽብሩ ፊታቸውን አጨማደው።

«ኧረ በጆሮዬ ነው ጌታዬ! ሦስተኛው ርብራብ ሲረገጥ ሲጢጥ ይላል። ስልሳ ሦስት ጊዜ ሲጢጥ አለ።»

አዛዥ ሽብሩ ቆይተው ራሳቸውን ነቀነቁ። «መልካም አደረግህ። እንዲህ ያለ ነገር ሳይነገር መቅረት የለበትም» አሉ። በማግስቱ ሁለት አናጢዎች መጥተው ሦስተኛውን ርብራብ ጠገኑት።

ጉልላት ነገሩ ገባውና ዝም አለ። መቁጠሩን ግን አልተወም፤ አሁን የሚቆጥረው በጥላቸው ነው። በየአሥራ አምስት ቀኑ በሚደረገው ጉዞ አንዴ አሥራ ሰባት፣ አንዴ ሃያ ስድስት፣ አንዴ ዘጠኝ ይጎድላል። ዘመድ ሊጠይቅ የመጣ ሰው ቢኖር፣ «አርባ ተነሣ፣ አርባ ደረሰ፤ ያንተም ሰው ደርሷል» ይባላል። ታችኛው ዓለም ሰፊ ነው፤ የገባ ሰው ቢሰወር አይገርምም።

አንድ ነገር አስተዋለ። መርከቡ ሰው ማቀፍ የሚጀምረው ከምሰሶው ነው። ከምሰሶው ጀምሮ ወደ ዳር እየሰፋ አርባ ሲሞላለት እቅፉን ይዘጋል። የሚጎድሉት ሁልጊዜ ከዳር ያሉት ናቸው። ይህን ካወቀ በኋላ የሚያውቀው ሰው ሲሳፈር ጠጋ ብሎ፣ «ወደ ምሰሶው ቅረብ፣ እዚያ ነፋስ የለም» ይለዋል። ያደረገው ይህን ብቻ ነው። ለስንዱ እንኳ ምክንያቱን አልነገራትም። የሰማ ሰው ይናገራል፣ የተናገረ ሰው ይጠየቃል ብሎ ፈራላት። በዚህ ዓይነት ሃያ አንድ ጉዞ ሄደ፤ ሦስት መቶ ዘጠና ሰባት ሰው ጠፋ።

በሃያ ሁለተኛው ጉዞ ዋዜማ የስንዱ ታላቅ እህት ታችኛው ዓለም ማረፏ ተሰማ።

«ከምሰሶው ሦስተኛዋ ቦታ ላይ ተቀመጪ» አላት ጉልላት።

«ደግሞ የለቅሶ መቀመጫ ትቆጥርልኝ ጀመር?»

«ስንዱ፣ ቀልድ አይደለም። ማንም ቢጠራሽ እንዳትነሺ።»

«እሺ አልኩህ እኮ» አለች። ጥቁር ነጠላዋን ደርባ ከሁሉ ቀድማ ተሳፈረች፤ ሦስተኛዋም ቦታ ላይ ተቀመጠች።

አርባ ሰባት ሰው ገብቶ መነሻው ሲደርስ ከወደቡ በር እልልታ ተሰማ። የአዛዥ ሽብሩ የእህታቸው ልጅ ተሞሽራ፣ ከነአጃቢዎቿ አሥራ አንድ ሆነው መጡ። አዛዡም ራሳቸው ሊሸኟት መጥተዋል። አስተናባሪው በምሰሶው ዙሪያ የተቀመጡትን ማስነሣት ጀመረ።

«እማማ፣ ይነሡና ወደ ኋላ ይሂዱልኝ።»

«ለምን ብዬ? ቀድሜ መጥቻለሁ» አለች ስንዱ።

«ሠርገኛ ነው እማማ። ጥቁር የለበሰ ሰው ከሙሽራ አጠገብ አይቀመጥም፣ ገድ አይደለም።»

ስንዱ ሙሽራይቱን አየች። ልጅቷ አሥራ ስምንት ዓመት ቢሆናት ነው፤ አፍራ መሬት መሬት ታያለች። ስንዱም፣ «እሱስ እውነትህን ነው። ደስታሽን አላበላሽም የኔ ልጅ» ብላ ጓዟን ይዛ ተነሣች፤ ከዳር ሄዳ ተቀመጠች።

ጉልላት ምሰሶው ሥር ቆሞ ነበር። ዳር ያሉት ስንተኛ እንደሚሆኑ ለማወቅ ጊዜ አልፈጀበትም፤ ሚስቱ ሃምሳ ስድስተኛ ናት። ቅሉን አነሣ። አንድ ጊዜ ነቀነቀ። ሁለተኛ ነቀነቀና እጁ ቆመ።

«ምን ትጠብቃለህ?» አሉ አዛዥ ሽብሩ ከወደቡ ላይ። ሠርገኞቹም ዞረው አዩት።

ስንዱ የቆመው በእርሷ ምክንያት መሰላት። አታስብ፣ እዚህም ተመችቶኛል ለማለት ከዳር እጇን አወዛወዘችለት።

ሦስተኛውን ነቀነቀ።

ታችኛው ዓለም ሲደርሱ አርባ ሰው ወረደ። አሥራ አንዱ ሠርገኞች ሁሉ ነበሩበት።

ለስንዱ ለቅሶ መቀመጥ አልተቻለም። ጎረቤቶች ድንኳን ሊተክሉ ቢመጡ ከቅል ሹሙ ቤት የተላከ ጸሐፊ ከልክሏቸው፣ «በሰላም ለደረሰ ሰው ለቅሶ አይቀመጡም» አለ። ጉልላትም ሥራውን አልተወም። ከምሰሶው ሥር መራቅ ከመቃብሯ መራቅ መስሎት ይሆናል። ሌላ አሥራ አንድ ጉዞ ሄደ። ቅሉን በነቀነቀ ቁጥር ከስንዱ በኋላ የሚጠፋው ሰው ይጨምራል። ሁለት መቶ ሃያ ሦስት ሆኑ።

ከዚያ ክረምቱ ሊወጣ ሲል ዝናቡ በረታና ተሳፋሪ ቀነሰ። በአንድ ዝናባማ ቀን የተሳፈረው ሠላሳ አንድ ሰው ብቻ ነበር። ጉልላት ቅሉን ነቀነቀ፤ መርከቡ ስንጥቁን ሰንጥቆ ታችኛው ዓለም ደረሰ። ሰው መውረድ ሲጀምር፣ በዝናቡ ጥላ ስላልነበረ፣ ኮቴያቸውን ቆጠረ። ሠላሳ ሲል አላቆሙም። ሠላሳ አንድ ሲልም አላቆሙም። አርባ ሰው ወረደ።

ከዳር ከተነሡት ዘጠኝ ሰዎች አንዱን ክንዱን ያዘው። አየለኝ የሚባል ሸማኔ ነው፤ ልብሱ ደረቅ ነው፣ የሌሎቹ ግን በዝናብ ርሷል።

«ደረስን እንዴ?» አለ አየለኝ። «እንዴት ቶሎ ነው! ዓይኔን ጨፍኜ ስገልጥ።»

«መቼ ነው የተሳፈርከው?»

«ምን ማለትህ ነው ጋሼ? አሁን ነዋ።»

አየለኝ የተሳፈረው ከአሥራ አምስት ቀን በፊት ነበር። ጉልላት የቀሩትን ስምንቱንም ጠየቃቸው። ሁሉም የዚያው ጉዞ ሰዎች ናቸው፤ ቀደም ባሉት ጉዞዎች ከጠፋው አንድም የለም። እዚያው ወደቡ ላይ በዝናብ ተቀምጦ አሰበው። ሰዎቹ አልሞቱም። መርከቡ ቅሉ ያለውን ያምናል፤ ሰው ሲተርፈው ስንጥቁ ውስጥ ይተዋል፣ ሲጎድለው ከስንጥቁ ያነሣል። የሚያነሣውም መጨረሻ የጠፋውን አስቀድሞ ነው። እንግዲህ ከስንዱ በላይ ያሉት ሁለት መቶ አሥራ አራት ሰዎች ናቸው። መርከቡ ባዶውን ቢሄድ በአንድ ጉዞ አርባ ያወጣል። በአምስት ጉዞ ሁለት መቶ። በስድስተኛው ጉዞ አሥራ አምስተኛዋ ስንዱ ናት።

ነገር ግን ክረምቱ እየወጣ ነው፤ በሚቀጥለው መነሻ መርከቡ ይሞላል፣ በላይዋ ሌላ ሃያ ይጨመርባታል። የቀረው አሥራ አምስት ቀን ነው።

በሦስተኛው ቀን አዛዥ ሽብሩ ዘንድ ገብቶ እጅ ነሣ።

«ጌታዬ፣ አንድ ነገር ከነከነኝ።»

«ደግሞ የትኛው ርብራብ ነው?» አሉ አዛዡ። ጸሐፊዎቹ ሳቁ።

«የርብራብ ጉዳይ አይደለም። የንጉሡ ቃል እውነት የሚሆነው ሰው ሲኖር ነው ወይስ ሰው ባይኖርም?»

ሳቁ ተቋረጠ። አዛዥ ሽብሩ ጥያቄው ወጥመድ እንዳለው ለማየት ጉልላትን ከእግር እስከ ራሱ መረመሩት። «ሰው ኖረም አልኖረም እውነት ነው» አሉ በመጨረሻ።

«እኔም ይህንኑ እላለሁ። ታዲያ የንጉሡን ቅል ዘወትር ከተራ ሰው ጋር፣ ከጆንያና ከዶሮ ጋር እያደባለቅን መላካችን አይከብድም? ሰባት ቀን ቅሉ ብቻውን ቢሳፈር፣ በመለከት ቢሸኝ፣ በመለከት ቢመለስ… ሌሎቹ ሹማምንት ይህን ሳያስቡት የቅል ሹሙ አሰቡት ይባላል።»

አዛዥ ሽብሩ ተነሥተው በክፍሉ ውስጥ አራት ጊዜ ተመላለሱ። «የክብር ጉዞ» አሉ ለራሳቸው። «ሃሳቡ ያንተ ነው?»

«ኧረ እኔ ምን አውቃለሁ፤ የእርስዎ ነው ጌታዬ። ባለፈው ሲናገሩት ነው የሰማሁት።»

«አዎ፣ ተናግሬው ነበር» አሉ አዛዥ ሽብሩ።

የመጀመሪያው የክብር ጉዞ በስምንት መለከት ተነሣ። ከቅሉና ከቆጣሪው በቀር በመርከቡ ላይ ነፍስ አልነበረም። ስንጥቁን ሰንጥቀው ታችኛው ዓለም ብቅ ሲሉ አርባ ሰው ወለሉ ላይ ተቀምጦ ዓይኑን ያሻል። በክብር ጉዞ ሰሞን ታችኛው ወደብ ለተራ ሰው ዝግ ስለሆነ፣ ጉልላት ማንንም ሳያወርድ ቅሉን እንደገና ነቀነቀና ወደ ላይ መለሳቸው። ወደቡ ላይ ባዶ መርከብ ሊቀበሉ የተሰለፉት መለከተኞች ሰዎቹን ሲያዩ ትንፋሻቸው አፋቸው ውስጥ ቀረ።

አዛዥ ሽብሩ በላብ ተጠምቀው መጡ። ሰዎቹ እንዲሰለፉ አዘዙና አርባ እኩል ጠጠር አስመጥተው አንድ በአንድ አስያዟቸው። ጠጠር የቀረው ሰው የለም፣ ሰው የቀረው ጠጠርም የለም። «ልክ ነው» አሉ፤ ፊታቸው ግን አልበራም። ሁለት ሰዓት ያህል ከመጋዘኑ ውስጥ ከጸሐፊዎቻቸው ጋር ዘግተው ተማከሩ።

ሲወጡ ነገሩ ተወስኖ ነበር። እነዚህ ሰዎች ጠፍተው የተገኙ ከሆነ የጠፋ ሰው ነበር ማለት ነው። የጠፋ ሰው ከነበረ ቅሉ ዋሽቷል፤ ቅሉ ደግሞ አይዋሽም። ስለዚህ እነዚህ ሰዎች ጠፍተው የተገኙ አይደሉም፤ አዲስ የተፈጠሩ ናቸው። ንጉሡ አርባ ስላሉ ከባዶ መርከብ አርባ ሰው ተወለደ። የንጉሥ ልጆች ተባሉ። የንጉሥ ልጅ አባት እናት፣ ባል ሚስት የለውም። የሚያድረው በቤተ መንግሥቱ ጡብ ማምረቻ፣ የሚሠራውም ለአዲሱ ግንብ ነው።

ጸሐፊው በመወጣጫው ሥር ተቀምጦ እያንዳንዱን ይጠይቃል።

«ሰው አለህ?»

«አለኝ እንጂ! ሚስቴና ሦስት ልጆቼ…»

«ሲወለድ የተምታታበት ነው» ይላል ጸሐፊው። የተምታታበት ሰው አእምሮው እስኪጠራ ድረስ በሚቀጥለው ተራ ጉዞ ከመርከቡ ዳር ተቀምጦ እንዲመላለስ ይፈረድበታል። ይህ ማለት ምን እንደሆነ ከጉልላት በቀር የሚያውቅ አልነበረም።

ከሁለተኛው ቀን ጀምሮ ጉልላት በሁለቱ ንቅነቃዎች መካከል ባለችው አጭር ጊዜ የተመለሱትን ሁሉ ይመክራቸዋል። «ሲጠይቋችሁ ሰው የለኝም በሉ። አትከራከሩ። ሰው የለኝም።» ብዙዎቹ ሰሙት። በአምስተኛው ቀን መጨረሻ ሁለት መቶ ሰው ወጣ፤ ከእነዚህ አሥራ ሦስቱ ምክሩ ሳይደርሳቸው ወይም እምቢ ብለው የሚወዱትን ሰው ስም ጠርተዋል።

በስድስተኛው ቀን መርከቡ ታችኛው ዓለም ብቅ ሲል ጉልላት ዓይኑን ጨፍኖ ነበር። ሲገልጥ ስንዱ ከዳር ተቀምጣ ጓዟን ታቅፋለች። እጇ ከማወዛወዝ ገና መውረዱ ነው።

«ደረስን?» አለች። ከዚያ አየችው። «ምነው ከሳህ? አሁን ደህና አልነበርክም?»

ጉልላት አጠገቧ ተንበረከከ። ሊያለቅስ ጊዜ አልነበረውም። «ስሚኝ። ስንወርድ ሰው አለሽ ወይ ይሉሻል። የለኝም በያቸው።»

«ለምን? ሞተሃል እንዴ?»

«ስንዱ!»

«ባሌ እዚህ ቆሞ እያየሁት ሰው የለኝም ልበል?»

ነገራት። ስንጥቁን፣ ቅሉን፣ ስድስቱን ወር ነገራት። እንዳታምነው ስለፈራ ቁጥሮቹን ሁሉ በየተራ ዘረዘረላት፦ የመጀመሪያዎቹን ሃያ ሦስት፣ ከርሷ ጉዞ በፊት የጠፉትን ሦስት መቶ ዘጠና ሰባት። ስንዱ ሳታቋርጥ አዳመጠችው። ሲጨርስ ምሰሶውን አየች፤ ሦስተኛዋን ቦታ አየች።

«ታውቅ ነበር?» አለች።

ጉልላት ዓይኑን ከእርሷ ወደ ወለሉ አወረደ።

«እጄን ሳወዛውዝልህ… ያን ጊዜም ታውቅ ነበር?»

ተነሥቶ ወደ ምሰሶው ሄደና ቅሉን ነቀነቀ፤ ሌላ የሚያደርገው ነገር አልነበረም። ላይኛው ዓለም ደረሱ። መለከት ተነፋ።

አሥራ አራት ሰው ወርዶ ተመዘገበ። ስንዱ በጸሐፊው ፊት ቆመች።

«ሰው አለሽ?»

ዞራ ባሏን አየችው። ከመርከቡ ጫፍ ላይ ቆሟል፤ ራቅ ቢልም ፊቱ ይታያል።

«የለኝም» አለች።

ጸሐፊው መጻፍ ሲጀምር ጉልላት መወጣጫውን እየተንገዳገደ ወረደ። የመከረውን ምክር ራሱ አፈረሰው። «አለሽ!» አለ። «ሚስቴ ናት! ስንዱ ትባላለች፣ ሠላሳ ሦስት ዓመት አብረን ኖረናል። ያጠፋኋት እኔ ነኝ፤ እያየሁ፣ እያወቅሁ ቅሉን ነቅንቄ!»

አዛዥ ሽብሩ ቀስ ብለው ቀረቡ፤ አልተቆጡም።

«ሚስትህ ተሳፍራ ነበር?»

«አዎ።»

«በታሸገ ቅል?»

«አዎ ጌታዬ።»

«እንግዲያው ደርሳለች። ከስድስት ወር በፊት በሰላም ታችኛው ዓለም ገብታለች። የደረሰች ሴት ደግሞ እዚህ ልትሆን አትችልም።» ወደ ስንዱ ዞሩ። «አንቺ ይህን ሰው ታውቂዋለሽ?»

ስንዱ ጓዟን አስተካክላ ያዘች። ከዚያ፣ «የማውቀው መስሎኝ ነበር» አለች።

«አየህ? ሐዘን አእምሮህን ነክቶታል» አሉ አዛዥ ሽብሩ፣ ትከሻውን መታ መታ አድርገው። «ለብዙ ዓመት አገልግለሃልና እንደ ጥፋት አይያዝብህም። ቀጥሉ።»

ጸሐፊው ጻፈ። ሴት፣ የንጉሥ ልጅ፣ ዕድሜ አንድ ቀን። የሃምሳ አምስት ዓመቷን ጓዝ ይዛ በሰልፉ ውስጥ ሄደች።

ሰባተኛው የክብር ጉዞ ተደረገና በዓሉ አበቃ። አዛዥ ሽብሩ ካባ ተሸለሙ። ክረምቱ ወጣ፣ ተራው ጉዞ ተጀመረ፣ መርከቡም እንደ ድሮው ሞላ።

የጡብ ማምረቻው በእንጨት አጥር የታጠረ ነው። ጉልላት ሥራ በሌለው ቀን ሁሉ እየሄደ አጥሩ ሥር ይቆማል። ስንዱ ከሩቅ ታየዋለች፣ አትመጣም። በዚህ ዓይነት አርባ አምስት ቀን አለፈ፤ ሦስት ጉዞም ሄደ። በአርባ ስድስተኛው ቀን ማለዳ፣ ወደ ሥራ ከመግባቱ በፊት ሲያልፍ፣ ስንዱ ጭቃ እጇን በቀሚሷ እየጠረገች ወደ አጥሩ መጣች። ከስታለች።

«ጤናሽ እንዴት ነው?» አለ።

«ደህና ነኝ። ቀን ሙሉ ጭቃ ነው።»

«ስምሽን ማን ይሉሻል?»

«ስም አልሰጡንም። ገና ሕፃናት ነን አይደል?» አለች። ፈገግታ የሚመስል ነገር ፊቷ ላይ መጥቶ ሳይቆይ ጠፋ። «አንድ ነገር ልጠይቅህ ነው የመጣሁት። እዚያ ውስጥ እንደ ዓይን ጥቅሻ ነበር፤ ግን በዚያች ጥቅሻ ውስጥ ከበታቼ የሚስል ሕፃን ሰምቻለሁ። ወጥቷል?»

«ምን ያህል ከበታችሽ?»

«ራቅ ይላል። በጣም ራቅ ይላል።»

ጉልላት አሰበ። «በአንቺ ጉዞ ከበታችሽ ሃያ አምስት ሰው ወጣ፤ በሰባተኛው አርባ። ሕፃን አልነበረም።»

«ስንት ቀሩ?»

«ሦስት መቶ አርባ ሰባት። ከዚያ ወዲህ ደግሞ ሃምሳ ሰባት ተጨመሩ።»

«ተጨመሩ?»

«አዎ።»

«ማን ጨመራቸው?»

ጉልላት የአጥሩን እንጨት ያዘ። ከወደቡ በኩል የመነሻው መለከት ተሰማ፤ መርከቡ ቆጣሪውን እየጠራ ነው። ስንዱ መለከቱን ሰምታ ባሏን ጠበቀችው። እሱም አልሄደም። እግሩን ወደ ወደቡ አላነሣም፤ አጥሩን እንደ ያዘ ቆመ። መርከብ ቅል ሳይነቀነቅ አይነሣም፤ እርሱ ካልሄደ ዛሬ ማንም አይጠፋም ብሎ አሰበ። ሁለተኛው መለከት ተነፋ። አልሄደም። ሦስተኛው ተነፋ። ስንዱ ዓይኗን ከዓይኑ አላነሣችም፣ እጇንም ወደ አጥሩ አስጠጋች።

አራተኛ መለከት ይነፋል ብለው ሁለቱም ጠበቁ። አልተነፋም። ከወደቡ በላይ ያለው ሰማይ ሰንጣቂ ሲሰነጥቀው እንደሚሆነው ለአንድ አፍታ ነጣ፣ ከዚያ ገጠመ። መርከቡ ሄዷል። ከመጋዘኑ በር ቆሞ የነበረ አንድ ዘበኛ ጠርተው አስነቅንቀውት ነበር፤ የታሸገ ቅል ለመነቅነቅ መቁጠር ማወቅ አያስፈልግምና።